የ2 ሚሊዮን ብሩ የቤት ብድር

ሐረር

እህት ዓለም፣

ለጤናሽ እንደምን ከርመሻል? ባለቤትሽ፣ ልጆቹ፣ እማማ ሁሉም ደህና ናቸው? እኛ ፈጣሪ ይመስገን ደህና ነን። ከሐረር ድሬ በደንገጎ ቁልቁለት ቢወርዱ ስንት ሰዓት ነው? እኔና አንቺ ግን ባሕር የለየን ይመስል ተጠፋፋን። ወቀሳውን ስንገናኝ ታወርጂብኛለሽ። አሁን ብዕር ያነሳሁት ወንድምሽ ሳቢያን ሰፈር ቤት ልትገዙ መሆኑን፣ ከባንክ 2 ሚሊዮን ብር በ20 ዓመት ልትበደሩ ማመልከቻ ማስገባታችሁን ስለነገረኝ ነው። እንኳን ደስ ያላችሁ። ብቻ ውሉ ላይ ከመፈረማችሁ በፊት ይህን እስከ መጨረሻው አንብቢው። ቁጥር ይበዛዋል፤ ምን ይደረግ፣ ነገሩ ያለው ቁጥሩ ውስጥ ነው።

ወንድምሽ «ወለዱ 16 በመቶ፣ የወር ክፍያው 27 ሺህ ምናምን» አለኝ። ብዙ ሰው እዚህ ላይ አንድ የተሳሳተ ሒሳብ በልቡ ይዞ ይገባል፦ የ2 ሚሊዮን 16 በመቶ 320 ሺህ ነው፣ ስለዚህ 2 ሚሊዮን 320 ሺህ ከፍዬ እገላገላለሁ ይላል። 16 በመቶው ግን በየዓመቱ ነው፤ ያልተከፈለው ዕዳ እስካለ ድረስ ይቆጥራል። በየወሩ እኩል በሚከፈል ብድር 2 ሚሊዮን ብር፣ በ16 በመቶ፣ ለ240 ወር ሲሰላ የወሩ ክፍያ 27,825 ብር ይሆናል። በ240 ስታባዢው 6 ሚሊዮን 678 ሺህ ብር። ከዚህ ውስጥ 4 ሚሊዮን 678 ሺሁ ወለድ ነው።

እንዴት እዚያ እንደሚደርስ በመጀመሪያው ወር ብቻ ማየት ትችያለሽ። የስልክሽን ካልኩሌተር ክፈቺና ቀሪ ዕዳውን በ0.16 አባዢ፣ ለ12 አካፍዪ፦ 26,667 ብር። የዚያ ወር ወለድ ይኸ ነው። ከምትከፍሉት 27,825 ላይ ቀንሺው፤ የተረፈው 1,158 ብር ነው። ከ2 ሚሊዮኑ ላይ የተነሳው እሱ ብቻ! በሚቀጥለው ወር ወለዱ የሚታሰበው በ1,998,842 ላይ ስለሆነ በ15 ብር ገደማ ይቀንሳል፤ ያቺ 15 ብር ወደ ዋናው፣ ማለትም የተበደራችሁትን ገንዘብ ራሱን ወደ መክፈል፣ ትዞራለች። በዚህ አካሄድ ዓመቱ ሲያልቅ 333,900 ብር ከፍላችሁ ዋናው የቀነሰው ወደ 15 ሺህ ብር ነው። አምስት ዓመት ስትሞሉ 1 ሚሊዮን 669 ሺህ ከፍላችሁ ቀሪ ዕዳችሁ 1 ሚሊዮን 894 ሺህ። አሥር ዓመት ሙሉ፣ ማለትም ግማሹን መንገድ ከሄዳችሁ በኋላም 1 ሚሊዮን 661 ሺህ ይቀራል። የዕዳው ግማሽ የሚወርደው በ16ኛው ዓመት ማብቂያ ላይ ነው። የመጨረሻው ወር ክፍያ ላይ ግን ወለዱ 366 ብር ብቻ ነው፤ ሌላው ሁሉ ዋና ነው። ባንኩ ያጭበረበረ እንዳይመስልሽ፤ በቀሪ ዕዳ ላይ የሚታሰብ ወለድ ተፈጥሮው ይኸው ነው። በአምስተኛው ወይም በስድስተኛው ዓመት ቤቱን ሸጠው ወደ ሌላ ከተማ ለመዛወር የሚያስቡ ሰዎች ደብተራቸውን ሲያዩ የሚደነግጡትም ለዚህ ነው።

ዘመኑን ማርዘም የወር ክፍያውን የሚቀንሰው ሰው እንደሚገምተው አይደለም። ይኸው 2 ሚሊዮን በ30 ዓመት ቢሆን ወርሃዊው 26,895 ነው። በወር 930 ብር ለመቆጠብ በድምሩ 9 ሚሊዮን 682 ሺህ መክፈል ማለት ነው። ወደ ታች ስትመጪ ደግሞ በ15 ዓመት 29,374 ብር ይሆናል፤ ድምሩ 5 ሚሊዮን 287 ሺህ። ልብ በይ፦ በወር 1,549 ብር ብትጨምሩ አምስት ዓመትና 1 ሚሊዮን 390 ሺህ ብር ይቀርላችኋል። በ10 ዓመት 33,503 ብር ሆኖ ድምሩ ወደ 4 ሚሊዮን 20 ሺህ ይወርዳል። የባንኩ ሠራተኛ «ረጅሙን ውሰዱ፣ ይቀላችኋል» ካለ ክፋት አይደለም፤ ገቢያችሁ ለክፍያው እንዲበቃ እያሰበ ነው። እኔ ብሆን ግን 15ቱን ዓመት እጠይቃለሁ፤ ገቢያችሁ አይበቃም ከተባለ 20ውን ወስጄ በየወሩ የ15ቱን ያህል እከፍላለሁ።

ይኸ የኋለኛው መንገድ አንድ ወጥመድ አለው። ትርፍ ገንዘብ ሒሳቡ ውስጥ ብታስገቢ ባንኩ ለሚቀጥለው ወር የተከፈለ ቅድሚያ አድርጎ ሊይዘው ይችላል። ያኔ ዋናው ዕዳ አይነካም፣ ወለዱም እንደነበረ ይቆጥራል። ስለዚህ ትርፍ ባስገባሽ ቁጥር «ከዋናው ዕዳ ተቀንሶ የብድሩ ዘመን ይጠርልን» ብለሽ በጽሑፍ ጠይቂ፣ ግልባጩ ላይ ማኅተም አስመቺ፣ በሚቀጥለው ወርም ቀሪ ዕዳውን አረጋግጪ። ከጊዜው በፊት መክፈል ቅጣት ወይም ክፍያ እንዳለው ደግሞ ውሉ ላይ ፈልጊ፤ ከባንክ ባንክ ይለያያል።

ጊዜው ያለው ዋጋ ያስደንቃል። ዕቁብ ደርሷችሁ በመጀመሪያው ዓመት መጨረሻ 200 ሺህ ብር ብታስገቡና የወሩን ክፍያ እንዳለ ብትቀጥሉ ብድሩ በ240ኛው ወር መሆኑ ቀርቶ በ158ኛው ያልቃል። 82 ክፍያ ተረፈ ማለት ነው፤ የሰጣችሁት 200 ሺህ ተቀንሶ እንኳ ከ2 ሚሊዮን ብር በላይ። ያንኑ 200 ሺህ በአሥረኛው ዓመት መጨረሻ ብታስገቡ የሚተርፋችሁ 29 ክፍያ ነው። ስለዚህ «መጀመሪያ ቤቱን እናድስ፣ ሶፋ እንቀይር፣ ከዚያ ዕዳውን እናቃልላለን» የሚለው ቅደም ተከተል ውድ ነው። የቁጠባ ሒሳብ ዝቅተኛው ወለድ ከ2010 ዓ.ም. ጀምሮ 7 በመቶ ነው፤ በ7 በመቶ እያስቀመጡ 16 በመቶ መክፈልም አያዋጣም። የክፉ ቀን የሚሆን የጥቂት ወራት ክፍያ ብቻ ከእጃችሁ አይጥፋ።

አሁን በጣም ወደሚያሳስበኝ ነገር ልምጣ። ውሉ ውስጥ «ባንኩ የወለድ ምጣኔውን ሊያሻሽል ይችላል» የሚል ሐረግ ፈልጊ፤ አብዛኛውን ጊዜ አለ። 16ቱ ለ20 ዓመት የታሰረ አይደለም ማለት ነው። ብሔራዊ ባንክ በሐምሌ 2016 ዓ.ም. 15 በመቶ የፖሊሲ ወለድ፣ ማለትም ለባንኮች የገንዘብ ዋጋ መነሻ የሚሆነውን ምጣኔ፣ ማውጣቱን ታስታውሻለሽ፤ ገንዘብ ለባንኮቹ ራሳቸው ሲወደድ ለተበዳሪውም ይወደዳል። በአምስተኛው ዓመት መጨረሻ ወለዱ ወደ 18 ቢወጣ ምን ይመጣል? ቀሪ ዕዳው 1 ሚሊዮን 894 ሺህ ነበር። በ18 በመቶ የወር ወለዱ ብቻ 28,418 ብር ይሆናል። እናንተ የምትከፍሉት 27,825 ነው፤ ወለዱን እንኳ አይሸፍንም፣ እየከፈላችሁ ዕዳው ያድጋል። ባንኩ ይህን ስለማይፈቅድ ክፍያውን ወደ 30,510 ያነሳዋል። ስለዚህ ዛሬ የምትፈርሙት 30,510 ብር በወር ብትከፍሉም የምትችሉት መሆን አለበት። ለውጡ ሲመጣ በደብዳቤ ይነገራችሁ እንደሆነ፣ ከስንት ቀን በፊት እንደሆነም ጠይቂ።

ወንድምሽ «የስድስት ወር የክፍያ እፎይታ ይሰጣሉ» ብሎኛል። በእፎይታው ጊዜ ወለድ ይከፈላል ወይስ ከዋናው ጋር ይደመራል? ይህን ሳትጠይቂ እንዳትቀበዪ። በ16 በመቶ ስድስቱን ወር እየተደመረ ቢቆይ 2 ሚሊዮኑ 2 ሚሊዮን 165 ሺህ ሆኖ ይጠብቃችኋል። እፎይታ ለሚገነባ ሰው ያስፈልገዋል፤ ያለቀ ቤት ለሚገዛ ምን ያደርግለታል?

ከብድሩ ውጪ ያለው ወጪ ደግሞ ከኪስ ነው። ባንኩ የሚያበድረው በራሱ መሐንዲስ ግምት ላይ ነው፤ ግምቱም ብዙ ጊዜ ከገበያው ዋጋ ያንሳል። ለምሳሌ ቤቱ 3 ሚሊዮን ተጠይቆበት ግምቱ 2 ሚሊዮን 500 ሺህ ቢወጣና ባንኩ የግምቱን 70 በመቶ ቢሰጥ የምታገኙት 1 ሚሊዮን 750 ሺህ ነው። የጎደለው 250 ሺህ ከየት ይመጣል? ለሻጩ ቀብድ ከመስጠታችሁ በፊት ግምቱ ይውጣ፤ ካልሆነም ግምቱ ካነሰ ቀብዱ ይመለሳል የሚል ቃል ውሉ ላይ ይግባ። የስም ማዛወሪያው የቴምብር ቀረጥ 2 በመቶ አለ፣ በ3 ሚሊዮን 60 ሺህ ብር ማለት ነው። የግምት ክፍያ፣ የውል ማረጋገጫ፣ የመያዣ ምዝገባ፣ በየዓመቱ የሚታደስ የቤት መድንና አንዳንዴ የተበዳሪው የሕይወት መድን ይከተላሉ። የሻጩን ግብር ማን እንደሚከፍልም አሁኑኑ ተነጋገሩ፤ ሻጮች በወሬ መሐል ወደ ገዢ ማዞር ይወዳሉ። ካርታው ከዕዳና ከእገዳ ነጻ መሆኑን፣ የሊዝ ይዞታ ከሆነም ያልተከፈለ ሊዝ መኖር አለመኖሩን ራሳችሁ ሂዳችሁ አረጋግጡ፤ ደላላ አትላኩ።

ስለ መድኑ አንድ ነገር። ከሳቢያኑ ቤት ሌላ ወደ ደቻቱ ወንዝ ጠጋ ያለ ርካሽ ቤት አሳይተዋችኋል አሉ። ደቻቱ አብዛኛውን ዓመት ደረቅ አሸዋ ነው፤ በ1998 ዓ.ም. ክረምት ጎርፉ ያደረገውን ግን የድሬ ሰው አይረሳውም። የእሳት መድን ጎርፍን በራሱ ላይሸፍን ይችላል፤ በተጨማሪ እንዲገባ መጠየቅና መክፈል ያስፈልጋል። ጎርፍ ቤቱን ቢወስደው ዕዳው አብሮ አይሄድም።

ባለቤትሽ ወለድ እንደማይፈልግ ስለማውቅ ስለ ወለድ አልባውም ልንገርሽ። በሙራባሃ ባንኩ ቤቱን ገዝቶ ትርፉን ጨምሮ ለእናንተ ይሸጠዋል። ዋጋው ከመጀመሪያው ቀን የታወቀ ስለሆነ በመሐል እየተነሳ አይጨምርም፤ ከላይ የነገርኩሽ የ18 በመቶ ስጋት እዚህ የለም። ለእኔ ትልቁ ጥቅሙ ይኸ ነው። ይሁን እንጂ ርካሽ ነው ማለት አይደለም፤ ጠቅላላ ዋጋውን ከ6 ሚሊዮን 678 ሺሁ ጋር አስተያዪው። ቶሎ ከፍላችሁ ብትጨርሱ ከትርፉ ላይ ቅናሽ ይኖር እንደሆነም ጠይቁ። ቅናሹ በባንኩ ፈቃድ ብቻ ከሆነ ትርፍ ገንዘብ ቀድሞ ማስገባት ያን ያህል አይጠቅምም።

«ብር እየረከሰ ሲሄድ ዕዳም ይረክሳል፣ ተበደሪ» የሚልሽም አይጠፋም። ውሸት አይደለም። በ2014 ዓ.ም. የዋጋ ንረቱ ከ30 በመቶ በላይ ነበር፤ በዚያን ጊዜ በ16 በመቶ የተበደረ ሰው ቤቱ ሲወደድ ዕዳው በቦታው ቆሞለታል። የሚያዋጣው ግን ገቢው ከንረቱ ጋር ለሚሮጥ ነው። የባለቤትሽ ታይዋን ገበያ ያለችው ሱቅ ዋጋ ታነሳለች፤ ያንቺ ደመወዝ ግን እንደዚያ አይነሳም። የወሩን ክፍያ በደመወዝሽ ላይ ብቻ ካሰባችሁት ኑሮው ሲወደድ የምትቀንሱት ከአስቤዛው ነው።

የቤት ኪራይ ውኃ የበላው ገንዘብ ነው ይባላል። በመጀመሪያው ወር የምትከፍሉት 26,667 ብር ወለድም የገንዘብ ኪራይ ነው። አሁን የምትከፍሉት ኪራይ ከዚህ በጣም ካነሰ፣ ልዩነቱን ሁለት ዓመት አስቀምጣችሁ ቅድሚያ ክፍያውን ብታሳድጉ ይሻል እንደሆነ አስቡበት። 200 ሺህ ጨምራችሁ 1 ሚሊዮን 800 ሺህ ብቻ ብትበደሩና ያንኑ 27,825 ብትከፍሉ በ150 ወር ትጨርሳላችሁ። እርግጥ በዚያ ሁለት ዓመት ውስጥ ቤቱም ሊወደድ ይችላል፤ ሳቢያን ላይ ዋጋው እንዴት እንደሚሄድ ከእኔ አንቺ ታውቂያለሽ። ጓሮ ያሉትን ሁለት ክፍሎች አከራይተን እንከፍላለን የምትሉትንም ባዶ የሚቆዩበትን ወራት፣ የሮቶውን፣ ድንጋይ እየሠራ ቧንቧ የሚዘጋውን የድሬን ውኃ ቀንሳችሁ አስቡት።

ክፍያ ከዘገየ ቅጣት ወለድ ይመጣል። የምትከፍሉት ገንዘብም መጀመሪያ ለቅጣቱ፣ ቀጥሎ ለወለዱ፣ በመጨረሻ ለዋናው ነው የሚውለው። ከዚያ ካለፈ በአዋጅ ቁጥር 97/1990 ባንኩ ፍርድ ቤት ሳይሄድ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ቤቱን በሐራጅ መሸጥ ይችላል። ችግር ሲመጣ ወር ሳይሞላ ራሳችሁ ሄዳችሁ የክፍያ ማስተካከያ ጠይቁ፤ ሦስት ወር ከተደበቁ በኋላ የሚሄዱትን ማንም በጥሩ ዓይን አያያቸውም።

ሰኞ ባንክ ስትሄዱ የ240ውን ወር የክፍያ ሰሌዳ ታትሞ ይሰጣችሁ። በየረድፉ ወለድ፣ ዋና፣ ቀሪ ዕዳ የሚሉ ዓምዶች ይኑሩት፤ «ወርሃዊ ክፍያ» ብቻ የተጻፈበት ወረቀት አይበቃም። የመጀመሪያውን ገጽና ስለ ወለድ ለውጥ የሚናገረውን አንቀጽ ፎቶ አንስተሽ በቴሌግራም ላኪልኝ፣ በዚያው ቀን አይቼ እመልስልሻለሁ። ስልኬ አልተቀየረም።

ባለቤትሽንና ልጆቹን ሳሚልኝ። እማማን ጉልበታቸውን ስመሽ ሰላም በይልኝ።

ያንቺው እህት