የዶሮ ማነቂያ ፊልም መንገድ ላይ አይቅር፦ ሁለተኛ የድጋፍ ጥሪ

የተከበራችሁ የፒያሳው የዶሮ ማነቂያ ሰፈር ተወላጆችና የቀድሞ ነዋሪዎች፣

በነሐሴው ዝናብ የሥራ ክፍላችን ጣሪያ መውደቁን አብዛኞቻችሁ ሰምታችኋል። ሰው አልተጎዳም፤ ፈጣሪ ይመስገን። ነገር ግን በአደራ ከሰጣችሁን የቪዲዮ ካሴቶች ሁለት ሣጥን ሙሉ ውኃ ገብቶበታል። እርጥብ ካሴት ዴክ (የካሴት ማጫወቻ) ውስጥ አይገባም፤ በሙቀትም አይደርቅም። በቀዝቃዛ አየር፣ ቀስ ተብሎ ነው። ፊልሙን የሚሠራው የሰፈራችን ልጅ ሥራውን አቁሞ ይህንኑ ይዟል።

እርሱ አዲስ ምስል አይቀርጽም። የሚሠራው ከየቤታችን በወጣው የሠርግ፣ የክርስትናና የኒካህ ካሴት ነው። የያኔው ቪዲዮ ቀራጺ ሙሽራዋን ሲከተል ሳያስበው ከጀርባዋ የቆርቆሮውን አጥር፣ የሱቁን መስኮት፣ ደጃፍ ላይ ቆመው እልል የሚሉ እናቶቻችንን አስቀርቶልናል። በ2016 ዓ.ም. ሰፈሩ ከፈረሰ በኋላ መንደራችን ያለው በእነዚያ ምስሎች ዳር ላይ ነው። ባለፈው ፋሲካ የታየውን የመጀመሪያ ክፍል ያያችሁ ታውቁታላችሁ፤ በሦስት ሠርግ ውስጥ ያንኑ አንድ በር አይታችሁ ያለቀሳችሁ ብዙ ነበራችሁ።

መስከረም 1 ቀን 1967 ማታ የወሎ ረሃብ ምስል ከቤተ መንግሥት ግብዣ ጋር ተቀጣጥሎ በቴሌቪዥን ሲታይ፣ በማግስቱም ንጉሡ ሲወርዱ የደረሳችሁ ታላላቆቻችን፣ ሁለት ምስል ጎን ለጎን ሲቆም ምን እንደሚያደርግ ለእናንተ አይነገርም። ልጃችንም ይህን ስለሚያውቅ የካሴቱ ባለቤት አይቶ ሳይፈቅድ አንድም ምስል ከሌላ ጋር አይቀጥልም። ያልፈቀዱ ቤተሰቦች ካሴታቸው ተመልሶላቸዋል።

«ያዋጣነው የት ገባ?» ለምትሉ፦ ዴክ ገዝተንበታል። የመጨረሻው አምራች በ2008 ዓ.ም. ማምረት ስላቆመ ያገለገለ ፈልጎ ማስጠገን ግድ ነበር፤ ያለ ዴክ ደግሞ ካሴቱ ባዶ ፕላስቲክ ነው። ቀሪው ምስሉን በኮምፒውተር ለማስቀመጥና ለቤት ኪራይ ዋለ። ኮሚቴው አበል አልወሰደም። ደረሰኙ እድሩ ጽሕፈት ቤት ስላለ ማንም ገብቶ ማየት ይችላል።

አሁን የጎደለን ለጣሪያው ጥገናና ለብረት መደርደሪያ 180,000 ብር ነው። የስምንት ሚሊ ሜትር ፊልም ጥቅሎችም አሉን፤ ከእነርሱ አንዳንዶቹ ሆምጣጤ ሆምጣጤ መሽተት ጀምረዋል። ሽታው የመበስበስ ምልክት ነው፤ ወደ ጎረቤት ጥቅልም ስለሚዛመት በተለየ ክፍል መቀመጥ አለባቸው። ይህ እስከሚቀጥለው ክረምት አይጠብቅም።

ደክሞናል፤ አንደብቅም። በየስልኩ መለመን ይከብዳል። ሆኖም በካሴቱ ውስጥ ያሉት አብዛኞቹ በሕይወት የሉም፤ የሟች አደራ በእጃችን አይበላሽ። ክርስቲያኑ በሙት ዓመት መታሰቢያ፣ ሙስሊሙ በሰደቃ ነይቶ በወላጆቹ ስም ይስጥ።

የምታስገቡት በኮሚቴው ስም በተከፈተው፣ በሦስት ፈራሚ በሚንቀሳቀሰው የባንክ ሒሳብ ብቻ ነው። ቁጥሩ በእድሩ ጽሕፈት ቤት በር ላይ ተለጥፏል፤ በውጭ አገር ላላችሁ ጸሐፊው ደውሎ ይነግራችኋል። በግለሰብ ቴሌብር ላኩ የሚላችሁ ሰው ከእኛ አይደለም። ስታስገቡ የቤተሰባችሁን ስም ጻፉ፤ ደረሰኙንም ለጸሐፊው አሳዩ። እንደገና፦ በኮሚቴው ስም፣ በባንክ ብቻ።

ኮሚቴው