ለትምህርት ቤት የተሰጠው መሬት የማን ነው?

ለፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት
አዲስ አበባ

ጉዳዩ፦ ለልማት ተብሎ በነጻ የተሰጠ መሬት ክርክር በፍርድ ቤት እንዲታይ ስለመጠየቅ

ክቡራን ዳኞች፣

የምጽፈው ከቦሌ አራብሳ ወዲያ፣ ኮንዶሚኒየሙ አልቆ እርሻ ከሚጀምርበት ጥግ ሆኜ ነው። አባቴ ጤፍና ሽምብራ ሲዘሩ የኖሩ ገበሬ ናቸው።

ልጅ ሳለሁ ትምህርት ቤት ለመድረስ አንድ ሰዓት ተኩል በእግሬ እሄድ ነበር። ክረምት ወንዙ ሲሞላ ደግሞ ቤት መቅረት ነው። አንድ ቀን የቀበሌ ሰዎች መጡና "መሬት ከተገኘ ትምህርት ቤት ይሠራል" አሉ። አባቴ ከማሳቸው ሁለት ጥማድ ቆርሰው ሰጡ። ከመንገዱ የሚዋሰነውን፣ ውሃ የማይተኛበትን፣ ደህናውን መሬት። እናቴ ቅር ብሏት ነበር፤ "ለልጆችሽ ነው" ስትባል ዝም አለች።

ቃለ ጉባኤ ተያዘ። ወረቀቱ ዛሬም አለ። በፌስታል ተጠቅልሎ ሳጥን ውስጥ፣ ከእናቴ የበዓል ቀሚስ ሥር ይቀመጣል። ጠርዙ ጢስ ጠግቦ ቢጫ ሆኗል። ከታች በሐምራዊ ቀለም የአባቴ የአውራ ጣት አሻራ አለ። ትንሽ ተንሸራቷል፤ እጃቸውን አልቧቸው ይሆናል። ከአሻራው በላይ እንዲህ ይላል፦ "ለአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት መሥሪያ።"

ትምህርት ቤቱ አልተሠራም። መሬቱ ለዓመታት ጦሙን አደረ። ከዚያ አንድ ቀን ጠዋት ስንነሣ ዙሪያው በቆርቆሮ ታጥሯል። የግል መጋዘን ሊሠራበት ነው ተባለ።

አቤት ልንል ሄድን። አንዱ ቢሮ "በፈቃዳችሁ ሰጥታችኋል፣ አሁን ምን ቀረላችሁ?" አለን። ሌላው "መሬት የመንግሥት ነው፣ ምኑን ሰጣችሁት?" አለን። እስኪ ልብ በሉልኝ። ሰጥታችኋል ከተባልን የምንሰጠው ነገር ነበረን ማለት ነው። ምንም አልነበራችሁም ከተባልን ደግሞ ስጦታ የሚባል ነገር አልነበረም። ሁለቱ መልሶች አብረው አይሄዱም። እኛ ላይ ግን ሁለቱም ሠርተዋል።

የሕግ ባለሙያ ባልሆንም ሕጉን ሳገላብጥ ከረምኩ። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሬት የማይሸጥ የማይለወጥ የጋራ ንብረት ነው ይላል። እሺ። ያው አንቀጽ ግን ገበሬ ከይዞታው ያለመነቀል መብት እንዳለውም ይናገራል። አዋጅ ቁጥር 1161/2011 ሲወጣ ደግሞ መሬቱ ለሕዝብ ጥቅም ለሚወሰድበት ሰው መንገድ ዘርግቷል፤ ካሳ፣ አቤቱታ ሰሚ፣ ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ፣ ከዚያም ፍርድ ቤት። አቤቱታውም በ30 ቀን ውስጥ ይቅረብ ይላል። ለአባቴ የደረሳቸው የማስለቀቂያ ትእዛዝ የለም። እየመረቁ የሰጡ ሰው 30 ቀኑን ከየት ጀምረው ይቁጠሩ? ተገዶ የተነሣ ሰው የሚያንኳኳው በር አለው። ወዶ የሰጠው ግን የለውም። እኔን የሚያንገበግበኝ ይሄ ነው።

ነገሩ በሌላም አገር ደርሷል። ሕንድ ውስጥ ቪኖባ ባቬ የሚባሉ ሰው መንደር ለመንደር በእግራቸው እየዞሩ ባለርስቶችን "መሬት ለሌለው ስጡ" ይሉ ነበር። በ1951 እ.ኤ.አ. ፖቻምፓሊ በምትባል መንደር አንድ ባለርስት 100 ኤከር ሰጡ፤ እንቅስቃሴው የተነሣው ከዚያ ነው። የአካባቢው ትልቅ ከተማ ሃይደራባድ እየሰፋች ስትመጣ በዙሪያዋ ያለው የስጦታ መሬት ዋጋ ናረ፤ ለድሃ የተባለው መሬት ሌላ ሰው እጅ ገባ የሚል ክርክርም በዛ። ክርክሩ ግን የአካባቢው ክልል፣ የቴላንጋና፣ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ደርሷል። እዚያ ስጦታው የራሱ ሕግ አለው፣ ዳኛም ያየዋል።

እኛም አገር በሩ ጨርሶ አልተዘጋም። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ማንም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት አቅርቦ ውሳኔ የማግኘት መብት አለው ይላል። አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ደግሞ የአስተዳደር ውሳኔ በፍርድ ቤት እንዲከለስ ፈቅዷል። ፍርድ ቤት በደብዳቤ እንደማይዳኝ አውቃለሁ። የምለምነው እንዲህ ያለ መዝገብ የሕግ ስህተት ወደሚታረምበት ሰበር ሰሚ ችሎት ሲደርስ "የአስተዳደር ጉዳይ ነው" ተብሎ እንዳይመለስ ነው። ሰበር አንዴ ትርጉም ከሰጠ የበታች ፍርድ ቤቶች ሁሉ ይከተሉታል። እኛ የምንፈልገው ለአንድ ጥያቄ መልስ ነው፦ ለትምህርት ቤት ተብሎ የተሰጠ መሬት ትምህርት ቤት ካልተሠራበት የማን ነው?

መሬቱ ለእኛ ይመለስ እያልኩ አይደለም። አባቴም እንዲህ ብለው አያውቁም። "ትምህርት ቤቱን ይሥሩት እንጂ እኔስ ቃሌን አላጥፍም" ነው የሚሉት። የጎረቤት ልጆች አሁንም ያንኑ መንገድ ይሄዳሉ። ዛሬ ደግሞ ከወንዙ ሌላ ሲኖትራክ የሚከንፍበት አስፋልት አለባቸው። ባለፈው ሳምንት አንዷን፣ የሁለተኛ ክፍል ተማሪ፣ እጇን ይዤ አሻገርኳት።

ችሎት ከጠራን ወረቀቱን ይዘን እንቀርባለን። አባቴ ጉልበታቸው ደክሟል፤ ቢሆንም አሻራቸውን ራሳቸው ሊያሳዩ ይፈልጋሉ።

ከአክብሮት ጋር
የገበሬው ልጅ፣ ከቦሌ አራብሳ ዳርቻ