ያን ቀን ቀሚስሽን የያዘው ሚስማር አልነበረም

አልምዬ፣ እንደምን አለሽ?

አራት ዓመት ጠፍቼ ዛሬ ሰላም ማለት ያሳፍራል። ይቅር በይኝ። ሰበብ አልደረድርም። ሱቁም ልጆቹም ደህና ናቸው። ወደ ጉዳዬ ልግባ።

ፓርቲውን ልትተዪው ነው አሉኝ። እውነት ነው? ከሰማሁ ወዲህ እንቅልፍ የለኝም።

እዚህ ጆሃንስበርግ፣ ጄፒ የሚሉት የገበያ ሰፈር፣ መጋረጃ የሚገዙኝ አንዲት እናት አሉ። ባለፈው ወረቀቴን ላሳድስ ስሯሯጥ አይተው የራሳቸውን ዘመን፣ የአፓርታይዱን፣ አወሩኝ። ያኔ ጥቁር ሰው ዶምፓስ የሚሉትን የይለፍ ደብተር ካልያዘ ከመንገድ ላይ ይታፈስ ነበር። እሳቸውም ልጅ እንዳዘሉ ታስረዋል። "ማን ጠየቀላችሁ?" አልኳቸው። "ሄለን" አሉኝ። ሄለን ሱዝማንን ነው፤ አፓርታይድን የተቃወመችውን ነጭ የፓርላማ አባል።

ከዚያ ወዲህ ስለሷ ያገኘሁትን ሁሉ አነባለሁ። ፓርላማ የገባችው በ1953 ነው (ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው)። ከ1961 እስከ 1974፣ 13 ዓመት ሙሉ፣ ከፓርቲዋ እዚያ የተቀመጠችው እሷ ብቻ ነበረች። በ1963 ሰውን ያለ ክስ 90 ቀን ማሰር የሚፈቅድ ሕግ መጣ። ድምፅ ሲቆጠር የተቃወመችው አንድ እሷ።

መሣሪያዋ ምን እንደነበረ ታውቂያለሽ? "ስንት?" የሚል ጥያቄ! በይለፍ ሕግ ስንት ሰው ታሰረ? ስንት ቤተሰብ ከቀዬው ተነቀለ? ሚኒስትሩ ሲመልስ ቁጥሩ ፓርላማ ውስጥ ተነገረ ማለት ነው፤ ጋዜጣ ያትመዋል። ጥያቄሽ አገር ያሳፍራል ሲሏት፣ የሚያሳፍረው ጥያቄዬ ሳይሆን መልሳችሁ ነው አለቻቸው።

እዚህ ጋ ስደርስ አለቀስኩ። አንቺ ነሻ! ያ አዳራሽ ትዝ አለኝ። ተነስተሽ "ዘንድሮ ስንት ሴት ልጆች ተድረው ትምህርት አቋረጡ?" ስትዪ፣ ሰዉ ሲያጉረመርም። ቀሚስሽን የወንበሩ ሚስማር የያዘው መስሎሽ ተቀመጥሽ። እኔ ነኝ የጎተትኩሽ፣ አልምዬ። ፈርቼ ነው። ስንቴ ልነግርሽ ብዬ... አልቻልኩም።

የይለፍ ሕጉ የተሻረው በ1986 ነው፣ ፓርላማ በገባች በ33 ዓመቷ። ብቻዋን አልጣለችውም። ሻርፕቪል በምትባል የጥቁሮች ሰፈር በ1960 ይለፉን ተቃውመው ከወጡት ቢያንስ 69 ሰው ተገድሏል። ግን ከነጮቹ ወንበር ቁጥሩን ስትጠይቅ የኖረች እሷ ናት።

ሠላሳ ዓመት ታገሺ ልልሽ አልችልም። ከደከመሽ ደክሞሻል። አንድ ነገር ብቻ ንገሪኝ፦ ያን ቁጥር ሰጡሽ?

እሑድ ሱቅ አልከፍትም። ስልኬ ያው ነው።

ያንቺው