ጓሮውን እንዳትሸጪ

ይድረስ ለውድ እናቴ

እማዬ፣ እንደምን ሰነበትሽ? ጉልበትሽስ ተሻለሽ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። የሱሉልታ ብርድ ከደብረ ብርሃን ብዙም አይሻልም፤ የላክሽው ጋቢ ባይኖር ጉዴ ፈልቶ ነበር።

እህቴ ደውላ ያሰብሽውን ነገረችኝ። ጓሮውን ሸጠሽ ለፊልሙ ልትሰጪኝ ነው አሉ። እባክሽ እንዳታደርጊው። በስልክ ብነግርሽ «እሺ» ብለሽ የልብሽን ስለምትሠሪ ነው በደብዳቤ ያደረግኩት።

«ተምሮ ተምሮ አናጢ ሆነ» ስትዪ ሰምቻለሁ። ብዙም አልተሳሳትሽ። ፕሮዳክሽን ዲዛይነር ማለት ከተዋናዩ ጀርባ የሚታየው ሁሉ ጣጣው የሆነ ሰው ነው። የአሁኑ ታሪክ በደርግ ጊዜ የሆነ ነው። ለቀበሌ ጽሕፈት ቤት የሚሆን ቤት ከከተማው ወጣ ብሎ አገኘን፤ ጣሪያው ግን አዲስ ቆርቆሮ ነው። ፀሐይ ሲያርፍበት ካሜራው ምንም አያይም። ሰፈሩን ዞረን «የዛገውን ስጡን፣ አዲስ እንመታላችኋለን» አልን። አንዲት እናት ጭራሽ አላመኑም። «አሮጌ በአዲስ የሚለውጥ ምን ዓይነት ሌባ ነው?» ብለው ጎረቤት ጠርተው፣ ምስክር አስቀምጠው ነው የፈቀዱት። የቢሮውን ወረቀት ደግሞ ሻይ ቅጠል አፍልተን ነክረን አስረጀነው። ካሜራው በዞረ ቁጥር ጅምር ፎቅ ይገባል፤ እሱን በባሕር ዛፍ ቅርንጫፍ ጋረድነው። ከሁሉ ያስቸገረን ዲሽ ማስወረድ ነው። ኳስ ባለበት ቀን «ዲሻችሁን አውርዱ» ብለሽ እስቲ ሞክሪው!

ዘንድሮ በዚህ ላይ ፕሮዲዩሰርም ሆኛለሁ። ገንዘብ የሚፈልገው፣ ሰው የሚቀጥረው፣ ፈቃድ የሚያወጣው እሱ ነው። ዝናብ ቀኑን ቢበላው ኪሳራው የሱ ነው። ኦስካር ላይ የዓመቱ ምርጥ ፊልም ሲባል ዋንጫውን የሚወስደውም ፕሮዲዩሰሩ ነው። እኛ ጋ ከዋንጫው በፊት ጄኔሬተር አከራዩ ይመጣል።

ሁለቱን አንድ ላይ መያዝ የኔ ፈጠራ አይደለም። አሜሪካ ውስጥ ፖሊ ፕላት የምትባል ዲዛይነር ነበረች። በፈረንጆቹ 1984 በዚሁ ሙያ ለኦስካር ታጭታለች፤ ኋላ ፕሮዲዩሰር ሆና ለጀማሪ ዳይሬክተሮች በር ከፍታለች። አይገርመኝም። ዲዛይነር ድርሰት ሲያነብ «ሠርግ» የሚለውን ቃል እንኳ በድንኳንና በወንበር ኪራይ ነው የሚያየው። ችግሩ ሁለቱ ሰውዬዎች እኔ ውስጥ ይጣላሉ። አንዱ እውነተኛ የጭቃ ግድግዳ ይላል፣ ሌላው ኮምፔንሳቶ ይበቃል ይላል። እስካሁን ጭቃው እያሸነፈ ነው።

አሁን ስለ ብሩ። ፊልም መጀመሪያ ይበላል። የካሜራ ኪራይ፣ መብራት፣ መኪና፣ የዚያ ሁሉ ሰው ምሳ። ትኬት የሚሸጠው ከሁሉ በኋላ ነው፤ ከዚያም ሲኒማ ቤቱ ድርሻውን ያነሳል። የተረፈ ካለ ነው እንግዲህ። ዳይሬክተሩ ኃይሌ ገሪማ «ቴዛ» የተባለውን ፊልሙን ለመጨረስ ከአሥር ዓመት በላይ ፈጅቶበታል፤ በፈረንጆቹ 2009 ዋጋዱጉ ላይ፣ በአፍሪካ የፊልም ፌስቲቫል፣ ትልቁን ሽልማት ወሰደ። እሱ ያን ያህል ከታገሠ፣ እኔ አንድ ክረምት ብጠብቅ ምን እሆናለሁ? የቀረውን ቀረጻ ለጥቅምት አዛውረነዋል። ብር የሚያስገቡ ሁለት ነጋዴዎችም እያነጋገርኩ ነው። እነሱ ቢከስሩ ሥራቸው ነው፣ ነገ ሌላ ይነግዳሉ። አንቺ ጎመንሽን ከየት ትቀጥፊያለሽ?

መርዳቴ አይቀርም ካልሽ ሌላ ነገር አለ። የአባዬ ካኪ ኮት፣ ያ የቆዳ ሽፋን ያለው ሬዲዮና ሰማያዊው የብረት ጣሳ ያስፈልጉኛል። ጣሳውን እንዳታጥቢው፣ አደራ! የአክስቴ ልጅ ቅዳሜ ሲመጣ ላምበረት እቀበለዋለሁ። ኪራይ እከፍልሻለሁ፤ ደረሰኝ ላይ ግን ትፈርሚያለሽ፣ ሒሳብ ሠራተኛዋ አትለቀኝም።

ልጅሽ