የልደት ቀን ለማረም ፍርድ ቤት መሄድ ሁልጊዜ ያስፈልጋልን?

ይህን የምጽፈው በትምህርት ማስረጃ ላይ በስህተት የሰፈረ የልደት ቀን በፍርድ ቤት ስለሚታረምበት አሠራር ነው። እዚህ ደሴ የምትኖረው የእህቴ ልጅ የተወለደችው በኅዳር 1992 ዓ.ም. ሲሆን፣ የፈረንጆቹ አዲስ ዓመት እስኪገባ የሚደመረው ሰባት መሆኑ ተዘንግቶ ስምንት ስለተደመረ፣ ማስረጃዋ በ1999 ፈንታ 2000 እ.ኤ.አ. ይላል። በተማረችበት ትምህርት ቤት መዝገብ ላይ «ኅዳር» የሚለው ቃል በሰማያዊ ቀለም ቁልጭ ብሎ ይነበባል፤ እርሷ ግን አቤቱታ አስጽፋ፣ ምስክር ይዛ፣ በቀጠሮ ተመላልሳለች። ተከራካሪ በሌለበት የመደመር ስህተት ዳኛን ማድከም፣ ባለጉዳይንም ማንከራተት ተገቢ አይመስለኝም።

እርግጥ ነው፣ የወሳኝ ኩነት ምዝገባ በአገር አቀፍ ደረጃ የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. መጨረሻ በመሆኑ፣ ከዚያ በፊት የተወለዱ ብዙ የወሎ ገጠር ልጆች ዕድሜያቸው የተመዘገበው ያስመዘገባቸው ሰው በቃል በተናገረው ነው። እንዲህ ያለው ዕድሜ እንደፈለጉ እንዳይለወጥ በፍርድ ቤት መጣራት አለበት።

ስለዚህ የቀን አቆጣጠር ልወጣ ስህተት ብቻ ሲሆን፣ የወረዳው ትምህርት ጽሕፈት ቤት የትምህርት ቤቱን መዝገብ አመሳክሮ የእርማት ደብዳቤ እንዲጽፍ፣ ማስረጃውን የሰጠው ተቋምም በዚያው እንዲያርም መመሪያ ይውጣ። ለ8ኛ እና ለ12ኛ ክፍል ፈተና ምዝገባ ሲካሄድም የልደት ቀኑ በሁለቱም አቆጣጠር ተጽፎ ወላጅ ይፈርምበት።

አንድ አንባቢ፣ ከደሴ