ማርያም ግንብን በሲሚንቶ እንዳትነኩብን

ለተከበራችሁ አዘጋጆች፣

ስለ ጎርጎራ ያወጣችሁትን ጽሑፍ አነበብኩት። አዲሱን መዝናኛ በደንብ አሳይታችኋል። እኔም ሄጄ አይቼዋለሁ፣ ደስ ይላል። ግን ከዚያ ብዙም ሳይርቅ ጣና ዳር ስላለው ማርያም ግንብ፣ ማለትም ስለ ፈረሰው የድሮ ቤተ መንግሥትና ቤተ ክርስቲያን አንዲት መስመር እንኳ አልጻፋችሁም። ይሄ ነው ብዕር ያስነሳኝ።

ባሕር ዳር የምኖር ግንበኛ ነኝ። ሙያውን የተማርኩት ከአባቴ ነው። ታሪኩን እንደ ምሁር አላውቀውም፤ ድንጋይንና ድንጋዩን የሚያያይዘውን ማልታ ግን አውቃለሁ።

አፄ ሱስንዮስ እ.ኤ.አ. ከ1607 እስከ 1632 ነግሠዋል። ነገሥታቱ ከነድንኳናቸው ከቦታ ቦታ በሚዞሩበት በዚያ ዘመን ጎርጎራን መቀመጫቸው አድርገዋት ነበር። እ.ኤ.አ. በ1614 አካባቢ ፔድሮ ፓኤዝ የሚባል ስፔናዊ የኢየሱሳውያን (የካቶሊክ ማኅበር) ቄስ ከሐይቁ ዳር የድንጋይ ቤተ መንግሥት ሠራላቸው። ፎቅ ያለው ቤት ለብዙው ሰው አዲስ ነገር ስለነበር ሕዝቡ «ቤት ላይ ቤት» እያለ ለማየት ይጎርፍ ነበር ይባላል። እኔን የገረመኝ ግን ሌላ ነው። ፓኤዝ የሠለጠነ ሠራተኛ ስላልነበረው መዶሻውንና መሮውን ራሱ እየሠራ ነው አሉ ሰዎቹን ያስተማረው። ሰው ባዶ ቦታ ላይ ቆሞ ከመሣሪያው ሲጀምር ምን ማለት እንደሆነ የገባው ያውቀዋል።

ኖራ አቃጥሎ በኖራ መገንባት የሚያውቁ ባለሙያዎች ደግሞ ከሕንድ መጥተዋል። አፄ ፋሲል እ.ኤ.አ. በ1633 ኢየሱሳውያኑን ከአገር አስወጡ፤ ኖራው ግን አብሮ አልወጣም። ከ3 ዓመት በኋላ ጎንደርን ሲቆረቁሩ ያ ሙያ እዚሁ አገር ነበር። በነገራችን ላይ «ግንብ ያስተማሩን ፈረንጆች ናቸው» የሚለውን ወሬ አልወደውም። እንፍራንዝ አጠገብ ያለው ጉዛራ የአፄ ሠርፀ ድንግል ነው የሚባለው፤ እሳቸው ደግሞ ፓኤዝ አገራችን ሳይገባ ነው ያለፉት።

ዛሬ ከቤተ መንግሥቱ የቀረው ፍርስራሽ ነው። ኢየሱሳውያኑ በኋላ ያሠሩት ቤተ ክርስቲያንም ከፊሉ ብቻ ነው የቆመው። አምና ከጎርጎራ በጀልባ ሄጄ ግማሽ ቀን እዚያ ዋልኩ። ሣሩ ውስጥ አንድ ጥርብ ድንጋይ ተጋድሞ አገኘሁ፣ አበባ ተፈልፍሎበታል። የጣሪያው ጌጥ እንደነበር ያስታውቃል። የበቀለበትን የድንጋይ ሽበት በእጄ ጠረግ ጠረግ አድርጌ አውራ ጣቴን አንዱ ቅጠል ላይ ባስቀምጠው ልክክ አለ። የሠራው ሰው ጠርዙን በመሮ ሳይሆን በጣቱ የለካው እስኪመስለኝ ድረስ። ከዚያ ቆሞ ወዳለው ግድግዳ ሄጄ ማልታውን በጥፍሬ ፋቅ አደረግኩት። ትንሽ ነጭ ዱቄት ወጣና ቆመ። ከ400 ዓመት በኋላም ይዟል። በላዩ ግን ዛፍ በቅሎበታል፤ ሥሩ ድንጋዮቹን እንደ ሽብልቅ እየከፈታቸው ነው።

የምፈራው ዛፉን ብቻ አይደለም። አንድ ቀን በጀት ይመጣል፣ ኮንትራክተር ይመጣል፣ ሲሚንቶ ይመጣል። ይሄን የምለው ስላደረግኩት ነው። ከዓመታት በፊት በአንድ ግቢ ውስጥ ያለ የቆየ የድንጋይ ግድግዳ ጠግን ተባልኩ። ስንጥቁን በሲሚንቶ ሞላሁት፣ ልስኑም አማረ፣ አሠሪዎቹም አመሰገኑኝ። ሦስት ክረምት ሳይሞላ ሲሚንቶው እንዳለ ቆሞ በዙሪያው ያለው ድንጋይ እየተላጠ መርገፍ ጀመረ። ነገሩ ቀላል ነው። ኖራ ግድግዳው የጠጣውን ውሃ መልሶ ያስወጣዋል። ሲሚንቶ ያፍነዋል፣ ውሃው መውጫ ሲያጣ በድንጋዩ በኩል ይወጣል፣ ድንጋዩንም ይበላዋል። ያ ግድግዳ ዛሬም ዓይኔ ላይ አለ።

ስለዚህ ሥልጣኑ ያላቸው ሰዎች ይህን ደብዳቤ ካነበቡት፣ በመጀመሪያ የወደቁት ድንጋዮች ከወደቁበት ሳይነሱ ቁጥር ይሰጣቸውና ይመዝገቡ። ከስፔን የመጡ አርኪዮሎጂስቶች ቦታውን ለዓመታት ቆፍረው አጥንተውታል፣ ከዜሮ መነሳት የለብንም። ዛፉን ማንም ጎትቶ አይንቀለው፤ ሥሩ ሲወጣ ግድግዳውን ይዞ ነው የሚወጣው። ግንዱ ተቆርጦ ይድረቅና ክፍተቱ ቀስ እየተባለ በኖራ ይሞላ። ዝናቡ ወደ ውስጥ እንዳይሰርግ የግድግዳው አናት በኖራ ይከደን። ለዚህ ኖራ ማቃጠል የሚችሉ ልጆች ያስፈልጋሉ፣ ከዚያው ከአካባቢው ቢሠለጥኑ ደግሞ ጥበቃውም በእነሱ ያምራል። ድንጋይ እየወሰደ አጥሩን የሚያጥር ገበሬ አለ የሚሉ አሉ። እኔ በገበሬው አልፈርድም፤ የማን እንደሆነ ያልተነገረውን ድንጋይ ማንም ያነሳዋል።

እዚህ ባሕር ዳር ጊዮርጊስ ግቢ ውስጥ ያለውን የድንጋይ ግንብ ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። እሱንም ፓኤዝ ሠራው ይባላል። እስከ ዛሬ ቆሟል። ለምን ቢባል ግቢው ሰው አለው፤ ተሳላሚው፣ ካህኑ፣ ቆሎ ተማሪው ጠዋት ማታ በአጠገቡ ያልፋል፣ አንድ ድንጋይ ቢጎድል የሚያይ ዓይን አለ። ማርያም ግንብ ያጣው ይህን ነው።

እናንተም ጋዜጠኛና ካሜራ ላኩ። የምትልኩ ከሆነ በራሴ ወጪ አብሬ ሄጄ የትኛው ግድግዳ ቀድሞ እንደሚወድቅ አሳያችኋለሁ። ብቻ ሰኔ ሳይገባ ይሁን፣ ከዚያ በኋላ መንገዱ ጭቃ ነው፣ ጣናም ማዕበል ያበዛል።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ ግንበኛ፣ ከባሕር ዳር