ሦስት መስመር ያለው ዘበኛ
(የቲያትርና ፊልም ክበብ የዓመቱ ዘገባ)

ዘንድሮ ሥራ የጀመርነው በኩርፊያ ነው። ለዓመቱ መዝጊያ የምናሳየውን ተውኔት ድልድል ስለጥፍ ግማሹ ልጅ ፊቱን አጠቆረ። የዘበኛው ድርሻ የደረሰው የዘጠነኛ ክፍል ልጅ ደግሞ ሰው እስኪወጣ ጠብቆ፣ «ቲቸር፣ ያለኝ እኮ ሦስት መስመር ነው» አለኝ። ምክር ልሰጠው አልፈለግኩም። በሚቀጥለው ረቡዕ ላፕቶፔን ይዤ መጣሁና ፊልም ማየት ጀመርን።

የመረጥኩላቸው ፈረንሳዊውን ማርሴል ዳልዮን ነው። እ.ኤ.አ. በ1899 ፓሪስ ውስጥ ከሩማንያ ከመጡ አይሁዳውያን ተወለደ። ቁመቱ አጭር ነው፤ መልኩም አፍቃሪ ሆኖ የሚያሠራው ዓይነት አልነበረም። ስለዚህ ጠቋሚና ከሃዲ እየሆነ ሠራ። ዳይሬክተሩ ዣን ሬኖአር ግን ሌላ ነገር አየበት። በ1937 «ላ ግራንድ ኢሉዥን» በተባለው ፊልም ላይ፣ ከቤት የሚላክለትን ምግብ ለምርኮኛ ጓደኞቹ የሚያካፍለውን ሮዘንታልን ሰጠው። በ1939 ደግሞ «የጨዋታው ሕግ» ላይ ከመኳንንት አንዱ አደረገው።

ልጆቹ የወደዱት ይህን ሁለተኛውን ነው። ሰውዬው በራሳቸው የሚዘፍኑ የሙዚቃ መሣሪያዎች ይሰበስባል። አንድ ማታ ትልቁንና አዲሱን ለእንግዶቹ ያሳያል። አምፖሎቹ ይበራሉ፣ አሻንጉሊቶቹ ይንቀሳቀሳሉ። ካሜራው ቀስ ብሎ እሱ ጋ ይደርሳል። ዳልዮ ትንፍሽ አይልም። ግን ፊቱ ላይ ኩራትም አለ፣ «ይወዱልኝ ይሆን?» የሚል ፍርሃትም አለ። ሬኖአር ራሱ በሕይወቴ ካነሳኋቸው ሁሉ ምርጡ ይህ ነው ብሏል። አራት ጊዜ መልሰን አየነው። አንዲት ልጅ «ሰርፕራይዝ ያዘጋጀ ሕፃን ይመስላል» አለች። ከዚህ የተሻለ አገላለጽ እኔም የለኝም።

ፊልሙ በወጣ ጊዜ ተመልካቹ አጉረመረመ፤ ብዙ ሳይቆይም ታገደ። በዓመቱ ጀርመኖች ፓሪስ ሊገቡ ሲሉ ዳልዮ ከወጣት ሚስቱ ከማድሌን ለቦ ጋር ወደ ሊዝበን ሸሸ። የያዙት የቺሊ ቪዛ ፎርጅድ ሆኖ ተገኘና ሜክሲኮ ላይ ቀሩ፤ በኋላ በካናዳ ጊዜያዊ ፓስፖርት አሜሪካ ገቡ። ናዚዎች ደግሞ አይሁድን በመልኩ ለዩ ብለው የእሱን ፎቶ ፖስተር ላይ አወጡት። ቤተሰቡ በማጎሪያ ካምፖች አለቀ። ይህን ስነግራቸው ክፍሉ ጸጥ አለ፤ እኔም ዝም አልኩ።

ሆሊውድ ውስጥ እንደገና ከታች ጀመረ። በ1942ቱ «ካዛብላንካ» የቁማር ቤቱን ሩሌት፣ ኳስ የምታርፍበትን ባለቁጥር መንኮራኩር፣ የሚያዞረው ኤሚል እሱ ነው። ከተዋናዮቹ ዝርዝር ውስጥ ስሙ እንኳ የለም። አለቃው ገንዘብ ያለቀበትን ወጣት ስደተኛ 22 ላይ አስይዝ ይለውና ኤሚልን ቀና ብሎ ያየዋል። ኤሚል ይገባዋል። ኳሷ 22 ላይ ታርፋለች፤ እንደገናም 22። ፊልሙን እዚህ ጋ አቁመን ዓይኑን ብቻ ተመለከትን። በዚያው ፊልም የፈረንሳይን መዝሙር እያነባች የምትዘምረዋ ልጅ ለቦ ናት። ሁለቱም የእውነት ስደተኞች ነበሩ።

ከጦርነቱ በኋላ ወደ ፓሪስ ተመለሰ፤ በ1983 እስኪሞት ድረስም ብዙ ሠራ። በ1973፣ ሰባዎቹን ካለፈ በኋላ፣ ፈረንሳይን ያሳቀው ኮሜዲ ላይ ሁሉም የሚወደውን ራቢ ያዕቆብን ሆነ። ያንኑ ፊት ይዞ።

ወደ ዘበኛችን ልመለስ። መጋቢት ላይ የአጎቱን ካፖርት ለብሶ ለጥናት መጣ። መጠኑ ስላልሆነ እጅጌውን አጥፎታል። ኪሱ ውስጥ የእጅ ባትሪ አለ። «ይሄ ዘበኛ ማታ ማታ ድንጋይ መቁጠር የጀመረው ባትሪ መግዣ ሲያጣ ነው» አለኝ። ተውኔቱ ውስጥ እንዲህ የሚል ነገር የለም፤ ራሱ ነው ያሰበው። በመዝጊያው ዕለት ሦስቱን መስመር ተናገረ። ከመውጣቱ በፊት ባትሪውን አበራ፣ እንዳልበራ አየ፣ መታ መታ አደረገውና ቀስ አድርጎ ኪሱ ከተተው።